ሦስተኛዋ ተሳፋሪ

መሥሪያ ቤቱ ውስጥ በስሟ የሚጠራት አልነበረም፤ እስክሪብቶ ነበር የሚሏት። በመንገድና ትራንስፖርት ሚኒስቴር ቃለ ጉባኤ መያዝ ከጀመረች አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ሦስት እስክሪብቶ ሳትይዝ ስብሰባ ገብታ አታውቅም። በአንዱ ትጽፋለች፣ አንዱ ተጠባባቂ ነው፣ ሦስተኛውን ደግሞ ባዶ እጃቸውን ለሚመጡ ኃላፊዎች ታውሳለች፤ ከተዋሱት መካከል የመለሰ የለም። ስድስት ሚኒስትር ተቀብላ አምስቱን ሸኝታለች። በዚያ ሁሉ ጊዜ ስብሰባ ላይ ከ“ይድገሙልኝ” በስተቀር አንድ ቃል ሲወጣት የሰማ ሰው አልነበረም።

ቤቷ ስትገባ ግን ሌላ ሰው ትሆናለች። የምትኖረው ከታናሽ ወንድሟ ጋር ነው። እናታቸው ስትሞት እሱ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበር፤ እሷ ናት ያሳደገችው። አሁን ሠላሳ አንድ ዓመቱ ነው፤ ለቴሌቪዥን ይጽፋል። ማታ ማታ እራት ሲቀርብ ወንበሩን ወደ እሷ ሳብ ያደርግና “እሺ እትዬ፣ ዛሬ መንግሥት እንዴት ዋለ?” ይላታል። እሷም ከወንበሯ ተነስታ ታሳየዋለች። የጽሕፈት ቤት ኃላፊው በአንዱ ስልክ ሌላውን ስልኩን እየደወለ ሥራ የበዛበት መስሎ ሲታይ፣ ስብሰባ ለመቀነስ ተብሎ የተጠራው ስብሰባ ሦስት ቀን ሲፈጅ፣ አንድም ሳይቀራት ታስመስለዋለች። ወንድሟ ሆዱን ይዞ ይስቃል። እሷም ቀኑን ሙሉ ያፈነችው ነገር ወጥቶላት ቀለል ይላታል።

ከዚያ ተከታታዩ አስቂኝ ድራማ መጣ። “ክቡርነታቸው ስብሰባ ላይ ናቸው” ይባላል፤ እሑድ እሑድ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ይተላለፋል። ስለ አንድ ሚኒስትርና ዙሪያቸውን ስለከበቧቸው ሰዎች የሚያወራ ነው፤ የጻፈው ወንድሟ ነው። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የራሷን ወሬ እየቆነጠረ ሲያስገባው አይታ ትንሽ ደንግጣ ነበር። “ለዋውጬዋለሁ እኮ፣ ማንም አያውቀውም” አላት። እውነቱን ነበር። ሰኞ ሰኞ መሥሪያ ቤቱ ሁሉ ስለ ድራማው ያወራል፤ ሁሉም የሚያወራው ግን ሌላ መሥሪያ ቤት እየጠረጠረ ነው። “የንግዶቹ ናቸው፣ ቁርጥ እነሱን” ይላሉ። ሚኒስትሩ ራሳቸው እንኳ አንድ ሰኞ እየሳቁ ገብተው “ያን ባለ ሁለት ስልክ ሰውዬ አያችሁት?” ብለው ነበር። የጽሕፈት ቤት ኃላፊው ከሁሉም በላይ ጮክ ብሎ ሳቀ።

ሰባተኛው ክፍል ሲተላለፍ እስክሪብቶና ወንድሟ ሶፋው ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው ነበር። በድራማው ሚኒስትሩ አዲስ የተራራ መንገድ ሊመርቁ ይሄዳሉ። መኪናው ጠመዝማዛው ላይ እንደደረሰ ሰውየው ፊታቸው አመድ ይመስላል፤ ኋላ ወንበር ላይ ይጋደሙና ኮታቸውን ፊታቸው ላይ ጣል አድርገው ሎሚ ያሸታሉ። የመንገድ ሚኒስትር ሆነው መኪና ያጥወለውላቸዋል። ሹፌሩ ደግሞ በመስታወት እያዩ እንደ ሕፃን ያባብሏቸዋል፤ “ሁለት ኩርባ ብቻ ቀርቷል፣ ክቡርነትዎ።” ካሜራው ወደ ላይ ሲነሳ ተራራው ላይ ቢያንስ አርባ ኩርባ ይታያል።

ከጎረቤት ቤት የሳቅ ድምፅ በግድግዳው በኩል መጣ። እስክሪብቶ ተነስታ ቴሌቪዥኑን አጠፋችው።

“ምን ሆንሽ?” አለ ወንድሟ።

“ይኼን ከየት አመጣኸው?”

“ካንቺ ነዋ። ባለፈው ነገርሽኝ፤ ስቀሽ ልትሞቺ ነበር።”

“መኪናው ውስጥ ስንት ሰው ነበር ብዬ ነገርኩህ?”

ወንድሟ ፊቱን ወደ ጠፋው ቴሌቪዥን አዞረ።

“ሦስት” አለች። “ክቡርነታቸው፣ ሹፌሩና እኔ። ‘ሁለት ኩርባ ብቻ ቀርቷል’ የሚለውን ደግሞ ቃል በቃል ነው ያስገባኸው።”

“ከዚያ የተሻለ አላገኘሁም” አለ። ደራሲ ነውና በቂ ምክንያት መስሎት ነበር።

ነገሩ የሆነው ከሁለት ወር በፊት ነው። ለምረቃው ሲሄዱ እስክሪብቶ በጉዞ መዝገቡ የተመደበችው ሁለተኛው መኪና ላይ ከመሐንዲሶቹ ጋር ነበር። ነዳጅ ለመቅዳት ሲቆሙ ሚኒስትሩ ንግግራቸውን ማስተካከል ፈልገው ወደ ራሳቸው መኪና ጠሯት። ገቢና ተቀመጠች። ገና ሁለት አንቀጽ ሳያስጽፏት ኩርባው ጀመረ፤ ከዚያ በኋላ ያስጻፏት ነገር የለም። አራት ጊዜ ቆሙ። ሲደርሱ ሚኒስትሩ ከረባታቸውን አስተካክለው፣ ሹፌሩንና እሷን አንድ አንድ ጊዜ አይተው ወረዱ። ለማንም እንዳይናገሩ የጠየቃቸው የለም። መጠየቅም አያስፈልግም ነበር።

ሰኞ ጠዋት ሊፍት ውስጥ ስትገባ አንድ የሒሳብ ክፍል ሠራተኛ “ሁለት ፎቅ ብቻ ቀርቷል፣ ክቡርነትዎ” አለ። ሰው ሁሉ ሳቀ። አራተኛ ፎቅ ላይ በሩ ሲከፈት የጽሕፈት ቤት ኃላፊው ሁለቱን ስልኮቹን እንደያዘ ቆሟል። ሳቁ በአንድ ጊዜ ቀጥ አለ። ሁሉም ጫማውን ማየት ጀመረ። ኃላፊው ገባ፣ ጀርባውን ሰጥቷቸው ቆመ፣ ምንም አልተናገረም። እስክሪብቶ ቦርሳዋን ደረቷ ላይ ጫን አደረገችው።

እስከዚያ ቀን ድራማው የሌላ መሥሪያ ቤት ነበር። የመንገድ ሚኒስትር አንድ ብቻ ነው።

አራት ሰዓት ላይ በቢሮዋ መስኮት ወደ ጋራዡ ስትመለከት ሹፌሩ የመኪናውን ቁልፍ ጠረጴዛ ላይ ሲያስቀምጡ አየች። ሰውየው ሃምሳ ዘጠኝ ዓመታቸው ነው፤ ጡረታ ሊወጡ ሰባት ወር ይቀራቸዋል። ቁልፉን አስቀምጠው ወዲያው አልሄዱም። የመኪናውን መስታወት በእጅጌያቸው ጠረግ አደረጉ። ከዚያ ሄደው ግድግዳው ሥር ያለው አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጡ።

ከምሳ በኋላ ኃላፊው እስክሪብቶን ጠራት።

“ሰምተሽ ይሆናል” አለ። “የሚኒስትሩን የግል ጉዳይ ለቴሌቪዥን ያቀበለ ሰው አለ። ሹፌሩ ታግዷል። ሐሙስ አጣሪ ኮሚቴ ይቀመጣል፤ ቃለ ጉባኤውን አንቺ ትይዣለሽ። ሌላ ሰው አላምንም።”

“እሺ” አለች። ድምፅዋ የመጣው ከሌላ ክፍል ይመስል ነበር።

ያስፈራት ግን ኮሚቴው ብቻ አልነበረም። ሚኒስትሩ መኪናው ውስጥ እንደነበረች ያውቃሉ። ጠርተው አላነጋገሯትም፣ አልተቆጧትም፣ ፊታቸውንም አላጠቆሩባትም። እንደወትሮው “እንደምን አደርሽ” ብለው ያልፋሉ። ቢጮሁባት ይቀላት ነበር። እያንዳንዷን “እንደምን አደርሽ” እያገላበጠች ስትመረምር ትውላለች፤ ዛሬ ጠንከር ብላለች? ትናንት ቆም ብለው ነበር? ስልክ ሲጮህ ትዘላለች። እቤት ምግብ አልዋጥ አላት። የጎረቤት ልጆች ግቢው ውስጥ ሲሯሯጡ “ሁለት ኩርባ ብቻ ቀርቷል” እየተባባሉ ነበር።

ማክሰኞ ሚኒስትሩ ከፓርላማ ሲመለሱ በእጃቸው ሎሚ ይዘዋል። ሪፖርት ሊያቀርቡ ሲነሱ አንዱ የምክር ቤት አባል ጠረጴዛቸው ላይ አስቀምጦላቸው ኖሯል፤ አዳራሹ ሁሉ ስቋል። በእሷ ጠረጴዛ በኩል ሲያልፉ ቆሙና ሎሚውን መዝገቧ ላይ አኖሩት።

“ጣይልኝ” ብለው ገቡ።

ሎሚውን አየችው። ቅርጫቱ ውስጥ ብትጥለው የጽዳት ሠራተኛዋ ታየዋለች፤ ወሬው እስከ ማታ ስድስት ፎቅ ይዳረሳል። በመስኮት ብትወረውረው የሚወድቀው ጋራዡ ላይ ነው። መሳቢያዋ ውስጥ ብታስቀምጠው ደግሞ የሆነ ሰው ከፍቶ ቢያገኘውስ? ደግሞስ ለምን ለእሷ ሰጧት? ሌላ ሰው ጠፍቶ ነው? በመጨረሻ በመሐረብ ጠቅልላ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። መውጫ በሩ ላይ ጥበቃው ቦርሳዋን ሲፈትሽ ሬሳ የተሸከመች ያህል አላባት።

እቤት ስትደርስ ሎሚውን ወንድሟ ፊት ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

“ይኼውልህ” አለች። “የጻፍከው ሎሚ እጄ ገባ።”

ወንድሟ ሎሚውን ትኩር ብሎ አየው። ፊቱ ተለዋወጠ። “እትዬ፣ ልነግርሽ የሚገባ ነገር አለ” አለ። “የሚመጣው እሑድ የሚተላለፈው ክፍል ተቀርጾ አልቋል።”

“እና?”

“በእሱ ላይ ወሬውን የምታወጣው ሴት ትታወቃለች።” ሎሚውን በጣቱ ገፋ አደረገው። “ቃለ ጉባኤ ያዥ ናት።”

እስክሪብቶ ወንበር ፈልጋ አልነበረም የተቀመጠችው፤ ወለሉ ላይ ነው።

“ላንቺ ክብር ብዬ ነው” አለ ወንድሟ ቶሎ ብሎ። “ጀግናዋ እሷ ናት። ማንም የማያያት ሴት ሁሉንም ታያለች፣ እንደዚያ ነው ሐሳቡ።”

“አውጣው።”

“አሥራ አንድ ደቂቃ ነው እትዬ፤ ቢወጣ ክፍሉ ይፈርሳል። ፕሮዲውሰሩ ይገድለኛል።”

“አውጣው አልኩህ። እኔ ከሥራዬ ብባረር ሌላ አላውቅም። ከመጻፍ ሌላ እጄ ላይ ምንም የለም።”

አሳድጋዋለችና ድምፅዋን ያውቀዋል። ረቡዕ ማለዳ ወጥቶ ቀኑን ሙሉ አርትዖት ክፍል ውስጥ ዋለ። ወደ ማታ ሲመለስ ዓይኑ ቀልቶ ነበር። “አወጣሁት” አለ። “የስብሰባ ትዕይንት አስረዝመን ሞላነው። ፕሮዲውሰሩ ለሚቀጥለው ዓመት ሌላ ጸሐፊ እንደሚፈልግ ነግሮኛል።” የደረሰበትን እንደዚያ ባጭሩ ነው የተናገረው፤ ሳታስበው እጇን ጭንቅላቱ ላይ አሳረፈች፣ ልጅ ሳለ እንደምታደርገው።

ከእሑድ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ አየር በደንብ ወደ ውስጧ ገባ። የጉዞ መዝገቡ ሁለተኛው መኪና ላይ ነበረች ይላል። ድራማው ስለ እሷ አይናገርም። ሚኒስትሩም እስካሁን ካልተናገሩ ምናልባት አይናገሩም። ተርፌያለሁ አለች በሆዷ። በላች።

ሐሙስ ሦስት ሰዓት ላይ ኮሚቴው ትንሹ መሰብሰቢያ ክፍል ውስጥ ተቀመጠ። የጽሕፈት ቤት ኃላፊው በሰብሳቢነት፣ የሕግ ክፍል ኃላፊዋና የሰው ሀብት ኃላፊው በአባልነት። እስክሪብቶ ጥግ ላይ መዝገቧን ዘርግታለች። ሹፌሩ ገቡ። ሙሉ ልብስ ለብሰዋል፤ ኮቱ ሰፍቷቸዋል፣ ድሮ ወፍራም ሳሉ የተገዛ ይመስላል። ቁጭ በሉ እስኪባሉ ቆሙ።

“በምረቃው ጉዞ ላይ ሚኒስትሩ ታመው ነበር?” አለ ሰብሳቢው።

“አመም አድርጓቸው ነበር።”

“‘ሁለት ኩርባ ብቻ ቀርቷል’ ብለዋል?”

“ብያለሁ። ሁልጊዜም እላለሁ።”

“ይህን ለውጭ ሰው ተናግረዋል?”

“አልተናገርኩም።”

“መኪናው ውስጥ ማን ማን ነበር?”

እስክሪብቶ ቀና አላለችም። የሹፌሩ ዓይን ግን ግንባሯ ላይ ሲያርፍ ተሰማት፣ እንደ ትኩስ ነገር። አሁን ነው አለች በሆዷ።

“እኔ” አሉ ሹፌሩ።

“ሌላስ?”

“ክቡርነታቸው።”

“ሌላ ሰው አልነበረም?”

“አልነበረም።”

እስክሪብቶው ወረቀቱ ላይ ቆመ። ሰብሳቢው ዞር አለና “ጻፍሽው?” አላት።

“ጻፍኩት” አለች፤ ጻፈችውም።

ከዚያ በፊት ውሸት ጽፋ አታውቅም ማለት አይደለም። ግማሹ ሰው ያንቀላፋበትን ስብሰባ “ጉባኤው በስፋት ተወያይቶ” እያለች ስትመዘግብ ኖራለች። እንደዚያ ያለው ውሸት ማንንም አይነካም። ይኼኛው ግን አንድ አዛውንት ፊቷ ተቀምጠው፣ አንገታቸው ላይ ገመዱ ሲታሰር እያየች የጻፈችው ነበር።

“እንግዲህ ግልጽ ነው” አለች የሕግ ክፍል ኃላፊዋ ሹፌሩ ከወጡ በኋላ። “ከሁለት ሰው አንዱ ነው የተናገረው። ክቡር ሚኒስትሩ ደግሞ ስለ ራሳቸው አያወሩም።” የስንብት ደብዳቤ ተዘጋጅቶ ዓርብ ለሚኒስትሩ ፊርማ እንዲቀርብ ተስማሙ። የሰው ሀብት ኃላፊው “ሰባት ወር ብቻ ሲቀረው” ብሎ ጀምሮ ነበር፤ ሰብሳቢው ሲያየው ሳል አደረገው።

ወደ ጋራዡ ወረደች። ሹፌሩ አግዳሚው ወንበር ላይ ናቸው። ኮታቸውን አውልቀው ጉልበታቸው ላይ አጥፈውታል።

“ጋሼ” አለች፤ ከዚያ ምን እንደምትል ጠፋት።

“ተቀመጪ።”

አጠገባቸው ተቀመጠች። “ለምን አልተናገሩም?” አለች። “ለምን አዳኑኝ?”

ሹፌሩ ሳቁ፤ ደስ የሚል ሳቅ አልነበረም። “አንቺን ላድን?” አሉ። “ልጄ፣ እኔ ላንቺ ብዬ አይደለም። በመዝገብ ያልተመደበ ሰው ሚኒስትር መኪና ላይ ማሳፈር ክልክል ነው። አንቺ ነበርሽ ብል ሁለተኛ ጥፋት ይጨምሩብኛል። ፈራሁ። በቃ፣ ፈርቼ ነው የቀባጠርኩት።” ትንሽ ቆይተው “አንቺ ነሽ አይደል የተናገርሽው?” አሉ።

“ለወንድሜ ነው። እራት ላይ። ድራማውን እሱ ነው የሚጽፈው።”

ሹፌሩ የጋራዡን ወለል፣ የዘይቱን እድፍ ያዩ ነበር። “ሠላሳ አራት ዓመት መኪና ስነዳ” አሉ በመጨረሻ “ኋላዬ የተቀመጠ ሰው ያወራውን አንዱንም እቤቴ አላስገባሁም። ባለቤቴ እስከ ዛሬ ‘አንተ የምትሠራው የት ነው’ እያለች ትቀልድብኛለች። ተናድጄብሻለሁ። ነገም እናደዳለሁ። አሁን ተነሽና ሂጂ፤ ሰው አብረን ሲያየን ሌላ ወሬ ይሆናል።”

ቢያቅፏት ወይም ቢሰድቧት አንድ ነገር ነበር። እንዲሁ ሂጂ ሲሏት ግን የምትደገፍበት ነገር አጣች። ያን ዕለት ስትተኛ አልፈራችም። የባሰ ሆነባት። እስከዚያ ድረስ ፍርሃቱ ሌላ ነገር እንዳይታያት ጋርዶላት ነበር።

ዓርብ ጠዋት ደብዳቤውና ቃለ ጉባኤው የተያያዙበትን ፋይል ይዛ ወደ ሚኒስትሩ ክፍል የምትገባው እሷው ነበረች፤ ሁልጊዜም የምታስፈርመው እሷ ናት። ከጠረጴዛዋ እስከ በሩ አሥራ ሁለት እርምጃ ነው። አምስተኛው ላይ ተመለሰችና ውሃ ጠጣች። ተነሳች። እንደገና ተመልሳ ተቀመጠች። የመሥሪያ ቤቱ መታወቂያዋ አንገቷ ላይ ከበዳት። ስትባረር የሚወጣው ማስታወቂያ፣ ጥበቃው “ይቅርታ እህቴ” ሲላት፣ ሊፍቱ ውስጥ የሚባለው ሁሉ በዓይኗ ሄደ። ሦስተኛ ጊዜ ስትነሳ ብትቆም እንደምትመለስ ስላወቀች ሳታንኳኳ ገባች። በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ሳታንኳኳ የገባችው ያን ጊዜ ብቻ ነው።

ሚኒስትሩ መነጽራቸውን አደረጉና ቃለ ጉባኤውን ማንበብ ጀመሩ። ብዙውን ጊዜ አያነቡም። ሁለተኛው ገጽ ላይ ቆሙ። ጣታቸው “ሌላ ሰው አልነበረም” የሚለው ላይ ነበር።

“አንቺ ነበርሽ እኮ” አሉ።

“ነበርኩ።”

“ታዲያ?”

“ሹፌሩ አይደሉም ክቡርነትዎ። እኔ ነኝ።” ከዚያ ወዲያ አፏ ራሱ ቀጠለ፤ ወንድሟን፣ እራቱን፣ እንዴት ተነስታ እሳቸውን እያስመሰለች እንዳሳየችው ሳይቀር ተናገረች። የመጨረሻውን ባትናገር ይሻል እንደነበር የገባት ከወጣ በኋላ ነው። የጠረጴዛውን ጠርዝ ያዘች።

ሚኒስትሩ ለረጅም ጊዜ አዩዋት። እንደምትጠብቀው አልተቆጡም። ፊታቸው ላይ የመጣው ነገር ምን እንደሆነ መጀመሪያ አልገባትም።

“ባለቤቴ አይደለችም ማለት ነው” አሉ ቀስ ብለው።

“ምን አሉኝ?”

“ከምረቃው ስመለስ ለባለቤቴ ነግሬያት ነበር። እየሳቅን። የእህቷ ባል ቴሌቪዥን ጣቢያው ውስጥ ይሠራል።” መነጽራቸውን አወለቁ። “ከእሑድ ጀምሮ አላናገርኳትም። ረቡዕ ዕቃዋን ይዛ ልጃችን ዘንድ ሄደች። ሠላሳ ሁለት ዓመት በትዳር ኖረን እንዲህ ሆነን አናውቅም።”

ስልኩን አነሱ። እስክሪብቶ ልትወጣ ስትል በእጃቸው ቆዪ አሏት።

“እኔ ነኝ” አሉ በስልኩ። “አትዝጊው። አንቺ አይደለሽም። አዎ… አውቃለሁ። አዎ፣ ብለሽኝ ነበር… እሱንም ብለሽኛል። እመጣለሁ። ዛሬ እመጣለሁ፣ እኔው ራሴ ነኝ የምመጣው።” ሲዘጉት እጃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር። የሚኒስትር እጅ ሲንቀጠቀጥ ስታይ የመጀመሪያዋ ነው፤ እሷ ሳምንቱን ሙሉ እሳቸውን ስትፈራ እሳቸውም እየፈሩ መክረማቸው ያኔ ገባት።

“ሹፌሩ እንዳልሆነ አውቅ ነበር” አሉ ሚኒስትሩ፣ ደብዳቤውን እያዩ። “አሥራ አንድ ዓመት ነድቶኛል፤ ቃል አይወጣውም። ግን እሱ አይደለም ካልኩ ማን ነው ሊሉኝ ነው፤ ሚስቴ ናት ልበል? ዝም ብል ይሻላል አልኩ።”

“እኔም ዝም ብዬ ጻፍኩ” አለች።

ሁለቱም ሰው ፊት መተያየት እንዳፈረ ልጅ ወደ ደብዳቤው አቀረቀሩ። ሚኒስትሩ እጃቸውን ዘረጉ፤ እስክሪብቶ አልነበራቸውም። አንዱን ሰጠቻቸው። ደብዳቤው ላይ ከዳር እስከ ዳር ሰረዝ አድርገው ከሥሩ “ሹፌሩ ዛሬውኑ ወደ ሥራው ይመለስ፤ ይቅርታ በጽሑፍ ይሰጠው” ብለው ጻፉ።

“አንቺን አላባርርሽም” አሉ። “ግን እዚህ ላቆይሽ አልችልም። ከእንግዲህ አንቺ ባለሽበት ክፍል አፌን ከፍቼ መናገር ያቅተኛል። ይገባሻል?”

“ይገባኛል።” እውነትም ገብቷት ነበር፤ ቢሆንም አመማት።

በሩ ጋ ስትደርስ ጠሯት። “ያ ተዋናይ” አሉ፣ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዙረው። “እውነት እንደዚያ ነው የምራመደው?”

እስክሪብቶ አሰበች። ከዚያ በላይ የምታጣው ነገር አልነበረም። “እሱ ትንሽ ፈጠን ይላል” አለች።

በሳምንቱ ወደ ምድር ቤቱ የካርታ ክፍል ተዛወረች። ደብዳቤው “ለሥራው ጥቅም ሲባል” ይላል። ክፍሉ ሰፊና ቀዝቃዛ ነው፤ የአገሩ መንገድ ሁሉ ተጠቅልሎ መደርደሪያ ላይ ተሰድሯል፤ በቀን ሁለት ሰው ቢመጣ ነው። የጽሕፈት ቤት ኃላፊው ኮሪደር ላይ ሲያገኛት ስልኩን ጆሮው ላይ ይለጥፋል። ሰው ሁሉ ምን እንዳደረገች ያውቃል፤ ካፍቴሪያው ውስጥ ስትቀመጥ አጠገቧ ያሉት ወሬያቸውን ይቀንሳሉ። ስልክ ሲጮህ አሁንም ትደነግጣለች። ወንድሟ እራት ላይ “መንግሥት እንዴት ዋለ” ማለቱን ትቷል፤ እሷም ተነስታ አታስመስልም። ለብዙ ሳምንት ሳህንና ማንኪያ ብቻ ነበር የሚሰማው።

ሹፌሩ ለሁለት ወር ሰላም አላሏትም። ከዚያ አንድ ከሰዓት፣ ሚኒስትሩ ስብሰባ ላይ ሳሉ፣ ወደ ካርታ ክፍሉ ወርደው በሩ ላይ ቆሙ። ክፍሉን ዞር ዞር ብለው አዩ። ወንበር ስባ ሰጠቻቸው፤ ተቀመጡ።

“ይበርዳል እዚህ” አሉ።

“ሹራብ ይዤ ነው የምመጣው።”

ላይ በቧንቧው ውስጥ ውሃ ይወርዳል።

“ድራማው አለቀ አሉ” አሉ ሹፌሩ።

“አለቀ። አዲሱን ለሌላ ሰው ሰጡት።”

“ወንድምሽስ አሁን ስለ ምን ይጽፋል?”

“ስለ ሆስፒታል። ሌላ ጣቢያ ቀጥሮታል።”

ሹፌሩ ጥቂት አሰቡ። “ደግ” አሉ። “እዚያ የምናውቀው ሰው የለም።”